አለቃችሁ ጡረታ ሊወጡ ነው? ለጌም ስቱዲዮ መሪ የስንብት ምኞት አዘገጃጀት

ለመምህር መሸኛ መጻፍ ለምደነዋል። ለባንክ ሥራ አስኪያጅ፣ ለጤና ጣቢያ ነርስም እንዲሁ። ብር ይዋጣል፣ ኬክ ይታዘዛል፣ አንድ ሰው ተነሥቶ «ታታሪ፣ ቅንና ሰው አክባሪ ነበሩ» ይላል፣ ይጨበጨባል፣ አለቀ። የጌም ስቱዲዮ መሪ ሲሆን ግን ግራ እንጋባለን። ሰውየው ከጠዋት እስከ ማታ ምን እንደሚሠሩ ቤተሰባቸውም በቅጡ አያውቅም። «ኮምፒውተር ላይ ነው ሥራቸው» ይባላል፣ በቃ።

ልማዱም ገና አልተፈጠረም። የአገራችን ጌም ሠሪዎች ወጣት ናቸው። አዲስ አበባ ያለው ቅኔ ጌምስ እነ «ኩኩሉ»ን እና «ገበጣ»ን በስልካችን ላይ ያመጣው በቅርብ ዓመታት ነው። እዚህ ደብረ ብርሃንም ላፕቶፑን ይዞ ለሩቅ ስቱዲዮ ሥዕል የሚሠራ ወይም ጌም የሚፈትሽ ልጅ ሲያጋጥም «አለቃዬ ሊወጡ ነው፣ ምን ብዬ ልጻፍላቸው?» ይላል። ይህ መመሪያ ለእሱ ነው። አለቃው አዲስ አበባም ይሁኑ ካሊፎርኒያ አሠራሩ ብዙም አይለይም።

አንድ ነገር ብቻ ከያዛችሁ ይበቃችኋል። ምኞቱ ዋጋ የሚኖረው እኚያ ሰው ራሳቸው የወሰኑትን አንድ ነገር በስሙ ሲጠራ ነው። ሌላው ሁሉ ማጣፈጫ ነው።

1. ሥራቸው ምን እንደነበር እወቁ

የስቱዲዮ መሪ ኮድ ላይጽፉ ይችላሉ። ሥዕልም ላይሥሉ ይችላሉ። ሥራቸው መወሰን ነው። የትኛው ሌቭል ይቆረጥ? ጌሙ ለበዓል ይድረስ ወይስ ሦስት ወር ይዘግይ? ብር የሚያወጣው አሳታሚ «ይህንንም ጨምሩ» ሲል «አይሆንም» የሚለው ማን ነው? ቡድኑ ክረንች (ጌሙ ሊወጣ ሲል የሚመጣው የትርፍ ሰዓት ጥድፊያ) ላይ ሆኖ ሌሊቱን ሲያነጋ «በቃ፣ ላፕቶፑን ዝጉና ሂዱ ተኙ» የሚለውስ? ይህን ሁሉ ማንም አያየውም። ተጫዋቹ የሚያየው ዘንዶውንና ሰይፉን ነው።

የቴድ ፕራይስን ነገር ውሰዱ። ኢንሶምኒያክ ጌምስ የሚባለውን የአሜሪካ ጌም ስቱዲዮ እ.ኤ.አ. በ1994 መሠረተ። እ.ኤ.አ. በ2025 መጀመሪያ ጡረታ እንደሚወጣ አሳወቀ። ሠላሳ ዓመት ያለፈው በአንድ ቤት ነው። በዚያ ጊዜ ስቱዲዮው ስፓይሮ የሚባለውን ትንሽ ዘንዶ አወጣ (እ.ኤ.አ. 1998)፣ ራቼት ኤንድ ክላንክን አወጣ (2002)፣ ስፓይደርማንን አወጣ (2018)። በ2019 ደግሞ ሶኒ ገዛው።

እንግዲህ ለዚህ ሰው ካርድ ጻፉ ብትባሉ መጀመሪያ የሚመጣላችሁ «ስለ ስፓይደርማን እናመሰግናለን» ነው። ክፋት የለውም። ግን ያን ጌም የሠራው ብዙ ሰው ነው። የእሱ ድርሻ ጎልቶ የሚታየው ሌላ ቦታ ነው። ስቱዲዮዎች እንደ እንጉዳይ በቅለው በሚጠፉበት ገበያ ቤቱን ሠላሳ ዓመት ማቆየቱ፣ ሲወጣም ወንበሩ ለሦስት ነባር ባልደረቦች መተላለፉ። ምስጋና እዚያ ላይ ሲያርፍ ሰውየው «እነዚህ ልጆች ለካ ያዩኝ ነበር» ይላል።

ስለ አለቃችሁም ይህን ጠይቁ፦ እሳቸው ባይኖሩ ኖሮ ሳይሆን የሚቀረው ምን ነበር? መልሱን በአንድ መስመር ጻፉት። ካልመጣላችሁ ወደ ሦስተኛው እርምጃ ሂዱ፣ እዚያ ከሌሎች ታገኙታላችሁ።

2. በእርግጥ ጡረታ መሆኑን አረጋግጡ

አገር ውስጥ ከሆነ ነገሩ ግልጽ ነው። በግል ድርጅት ሠራተኞች የጡረታ ሕግ መደበኛው መውጫ ዕድሜ 60 ነው። ከደመወዝ ላይ ሠራተኛው 7 በመቶ፣ አሠሪው 11 በመቶ ሲያዋጡ ይቆያሉ። ሰውየው ስልሳ ከሞላቸው ጡረታው ጡረታ ነው።

በውጭው የጌም ዓለም ግን «ጡረታ ወጣሁ» ማለት ብዙ ጊዜ «ከዚህ ወንበር ተነሣሁ» ማለት ብቻ ነው። ሬይ ሙዚካና ግሬግ ዜስቹክ ሐኪሞች ነበሩ። ባዮዌር የሚባለውን የጌም ስቱዲዮ እ.ኤ.አ. በ1995 ከመሠረቱት ውስጥ ናቸው። እ.ኤ.አ. በመስከረም 2012 ሁለቱም በአንድ ቀን ጡረታ መውጣታቸውን አሳወቁ። አንዱ ፊቱን ወደ ቢራ ጠመቃው ዓለም፣ ሌላው ማኅበራዊ ጥቅም ወዳላቸው ሥራዎች አዞረ። ማይክ ሞርሄይም ብሊዛርድ የሚባለውን የጌም ድርጅት ከመሠረቱት አንዱ ነው። እ.ኤ.አ. በ2018 ከፕሬዚዳንትነቱ ወረደ፣ በ2020 ድሪምሄቨን የሚባል አዲስ ድርጅት ይዞ ብቅ አለ። የጃፓኑ ጌም ድርጅት የኒንቴንዶ የአሜሪካ ቅርንጫፍ ፕሬዚዳንት የነበረው ሬጂ ፊስ ኤሜም እ.ኤ.አ. በሚያዝያ 2019 ከወጣ በኋላ ኮርኔል ዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ፊት ቆሟል።

ታዲያ ለእነዚህ ሰዎች «እንግዲህ አርፈው ይቀመጡ፣ የልጅ ልጅ ያጫውቱ» ብላችሁ ብትጽፉ ምን ይሰማቸዋል? ምርቃቱ ጥሩ ነው፣ ቦታው ግን አይደለም። ስለዚህ ከመጻፋችሁ በፊት ተተኪውን ወይም የሰው ኃይሉን ክፍል በወሬ መሐል ጠይቁ። እረፍት ነው? ሌላ ሥራ ነው? ሕመም ነው? ሕመም ከሆነ ጤናን አስቀድሙ እንጂ ስለ ሕመሙ አንድ ቃል አትጻፉ። ሰውየው ካልተናገሩት የእናንተ ወሬ አይደለም። ምንም ካላወቃችሁ ደግሞ «የሚቀጥለው መንገድዎ የቀና ይሁን» ሁለቱንም በር ክፍት ይተዋል።

3. ትውስታ ሰብስቡ

እዚህ ላይ ጊዜ አትቆጥቡ። የምኞቱ ሥጋ ያለው እዚህ ነው።

በቴሌግራም አዲስ ግሩፕ ክፈቱ። አዲስ ብያለሁ። አለቃው ባሉበት የቡድን ግሩፕ ላይ «ለአለቃችን ሰርፕራይዝ እናዋጣ» ብሎ የሚለጥፍ አንድ ሰው የትም አይጠፋም። ግሩፑን ሰብሳቢ አንድ ሰው ይያዘው። የመጨረሻ ቀን ይቆረጥ። ከስንብቱ አሥር ቀን በፊት ቢሆን ደስ ይለኛል፣ ምክንያቱም ሰው በተባለው ቀን አይልክም። ይለመናል፣ ይነዘነዛል፣ ከዚያ ይልካል።

አሁን ጥያቄው። «ስለ አለቃችን ምን ይሰማችኋል?» አትበሉ። የምታገኙት «በጣም ጥሩ ሰው ናቸው» የሚል ብቻ ነው። ይልቅ እንዲህ ጠይቁ፦

«እሳቸው የተናገሩት ወይም የወሰኑት፣ እስካሁን የምታስታውሰው አንድ ነገር ምንድን ነው? የት ነበርክ? ማን ነበረ?»

ዝምተኞቹን ለብቻ ደውሉላቸው። ጌም ፈታሾች፣ ድምፅ የሚያስተካክሉ፣ ትርጉም የሚሠሩ ልጆች በስብሰባ ላይ ስለማይናገሩ ትውስታ የሌላቸው ይመስላል። ደውዬ ባወራኋቸው ጊዜ ግን የተሻለውን ታሪክ የማገኘው ከእነሱ ነው። አንዷ «ኧረ እኔ ምንም የለኝም» ትላለች። ዝም ብላችሁ «መጀመሪያ የገባሽ ሰሞን ምን አሉሽ?» በሏት። ትንሽ ታስባለች። ከዚያ ይመጣል።

ልዩነቱን በምሳሌ ላሳያችሁ። መጀመሪያ የሚላክላችሁ ይህን ይመስላል፦

«ውድ አለቃችን፣ በሥራ ዘመንዎ ላሳዩን ቅን አገልግሎትና አመራር ከልብ እናመሰግናለን። መልካም የጡረታ ዘመን ይሁንልዎ።»

ይህን ለውኃና ፍሳሽ ኃላፊም መላክ ይቻላል። ስሕተት የለበትም፣ ሰውም የለበትም። ከተደወለላት በኋላ ያችው ልጅ የጻፈችው ደግሞ ይህን ሊመስል ይችላል፦

«ጋሼ፣ ሥራ በጀመርኩ ሰሞን ገጸ ባሕርዩ ድልድዩ ላይ ሲዘል መሬት ውስጥ እንደሚሰምጥ አገኘሁ። ትንሽ ነገር መስሎኝ ልተወው ነበር። እርስዎ ሁሉም ባለበት ስብሰባ ላይ ስሜን ጠርተው ‹ይህን ያገኘችው እሷ ናት› አሉ። ከዚያ ወዲህ ትንሽ ነገር አይቼ ዝም ብዬ አላውቅም። ዕድሜ ከጤና ይስጥልን።»

ሁለተኛው ውስጥ ድልድይ አለ። ስብሰባ አለ። የተጠራ ስም አለ። ልጅቷ ምን እንደተለወጠባት አለ። ምኞቱ አንድ መስመር ብቻ ነው፣ ግን ከፊቱ ያለው ታሪክ ስለሚሸከመው ይከብዳል። ለካርድ ከዚህ አይርዘም። ስድስት መስመር የሚጽፍ ሰው ካለ ቁረጡለት፣ አይቆጣም።

ለቻትቦት «የመሰናበቻ ደብዳቤ ጻፍልኝ» ብሎ የሚልክም ይኖራል። ሦስት ሰው እንዲያ ካደረገ ሦስት መንታ ደብዳቤ ይደርሳችኋል። መልሱላቸውና ያንኑ ጥያቄ ድገሙላቸው።

4. «አንተ» ወይስ «እርስዎ»?

የጌም ቤት ሰው በስም ይጠራራል። አለቃውም «አንተ በሉኝ» ብለው ይሆናል። በሥራ ላይ ይሁን። መሸኛ ላይ ግን እናት፣ አባት፣ ጎረቤት ይኖራሉ። ሸዋ ላይ ስልሳ ዓመት ለሞላው ሰው በአደባባይ «አንተ» ማለት ለጆሮ ይከብዳል። ለሚነበበው ንግግር «እርስዎ»፣ ለግል ካርድ እንደ ቅርበታችሁ። ወንድ ከሆኑ «ጋሼ»፣ ሴት ከሆኑ «እትዬ» የሚለው ከ«ክቡር ሥራ አስኪያጅ» ይልቅ ይሞቃል።

ዋናው አንዱን መያዝ ነው። «ያስተማሩንን አንረሳም፣ ሁሌም ከጎንህ ነን» የሚል ካርድ አይቻለሁ። መጨረሻ ላይ አንድ ሰው ሁሉንም ጽሑፍ ለዚህ ብቻ ይይልን።

አለቃው አማርኛ የማያውቁ ከሆነም በአማርኛ ጻፉና ከሥሩ ባጭሩ በሚያውቁት ቋንቋ አስቀምጡ። ፊደሉን ማየት ራሱ ደስ ይላቸዋል።

5. ምርቃቱን ለባለቤቱ ስጡ

የሃያ አምስት ዓመት ልጅ ተነሥቶ የስልሳ ዓመት ሰው ቢመርቅ ሽማግሌዎቹ ይተያያሉ። ልጅ ያመሰግናል፣ ይመኛል። የሚመርቀው ትልቅ ነው። ስለዚህ ሦስት ዙር አድርጉት። መጀመሪያ ወጣቶቹ ያመስግኑ። ቀጥሎ ከቦታው በዕድሜ የሚበልጥ ሰው ይመርቅ። መጨረሻ ላይ ተሸኚው ራሳቸው ልጆቹን ይመርቁ። ይህ ሦስተኛው ዙር ብዙ ጊዜ ይረሳል። ሰውየው ስጦታ ተቀብለው፣ ኬክ ቆርሰው፣ ፎቶ ተነሥተው ይሄዳሉ። ስንት ዓመት የመሩት ቡድን ሳይመረቅ ይቀራል። ከፕሮግራሙ ላይ በግልጽ ጻፉት፦ «ምርቃት፣ በጋሼ»። ሁሉም ይነሣ፣ እጁን ይዘርጋ፣ «አሜን» ይበል።

ርቀት ላይ ላሉ አለቃ ደግሞ አንድ ነገር ልምከራችሁ። ከእናቶቻችሁ አንዷን በስልክ ድምፅ ቅዱ። መንዝ ወይም አንኮበር ያለች እናት ስለ ጌም ምንም ማወቅ የለባትም። ልጇ በማን እጅ እንጀራ እንደበላ ግን ታውቃለች። ጽሑፍ አትስጧት። «ልጅሽን ያሠሩት ሰውዬ ሥራ ሊያቆሙ ነው፣ መርቂልን» ብቻ በሏት። እንዲህ ያለ ነገር ታወርዳለች፦

«ልጄን እንዳበላኸው ቤትህ አይጉደል። የያዝከው ይባረክልህ። የልጅ ልጅህን ያሳይህ። ወጥተህ ግባ። ክፉ አይንካህ። እኔን ደስ እንዳሰኘኸኝ እግዜር አንተን ደስ ያሰኝህ።»

ከጀርባ ዶሮ ቢጮህ፣ ጎረቤት ቢያስነጥስ አትቁረጡት። ትርጉሙን ከሥር ጻፉና ላኩት። በዚያ ሰው እድሜ ሙሉ ከተሰጣቸው የመስታወት ዋንጫ ሁሉ ይህ ይበልጣል ብዬ እወራረዳለሁ።

ሰሜን ሸዋ ክርስቲያኑም ሙስሊሙም አብሮ የሚኖርበት ነው። ቡድኑ ድብልቅ ከሆነ በጋራ የሚነበበው ላይ «ፈጣሪ» በሉ፣ በየግሉ እያንዳንዱ በለመደው ይመርቅ።

6. አለቃው አስቸጋሪ ከነበሩስ?

ይህን ማንም በግልጽ አይጠይቅም፣ ግን ብዙ ሰው እዚህ ላይ ነው የሚቆመው። ጌም ቤት ውስጥ ጫና አለ። በቅርብ ዓመታት በዓለም ዙሪያ በሺዎች የሚቆጠሩ የጌም ሠራተኞች ተቀንሰዋል። ጓደኛው የተባረረበት ልጅ «እንደ አባት ነበሩ» ብሎ እንዲጽፍ ማስገደድ ነውር ነው።

አትዋሹ። አትሳደቡም። እውነት የሆነ አንድ ነገር ፈልጉና እሱን ብቻ ጻፉ። «ጥብቅ ነበሩ። ያልተፈተሸ ሥራ ከእጃችን አውጥተን አናውቅም። ይህን ከእርስዎ ይዤ እሄዳለሁ።» ሦስት ዓረፍተ ነገር፣ ውሸት የለበትም፣ ማንንም አያዋርድም። ያም ካልመጣ «መልካም ጤና እመኝልዎታለሁ» ብሎ ስምን መጻፍ በቂ ነው። ፈርሞ ማለፍ መብት ነው። ሰብሳቢው «ለምን አጠረ?» ብሎ አይጠይቅ።

ቂም ያለው ሰው መድረክ ላይ በቀልድ አስመስሎ እንዳይናገር ግን ተጠንቀቁ። ያን ዓይነቱን ቀልድ ሁሉም ይገባዋል።

7. ቀልድ ካለ ከጌሙ ይምጣ

ሬጂ ፊስ ኤሜ ከኒንቴንዶ አሜሪካ ሲወጣ የተካው ሰው ዳግ ባውዘር ይባላል። ባውዘር ደግሞ በማሪዮ ጌም ውስጥ ልዕልቲቱን የሚጠልፈው ክፉው ጭራቅ ስም ነው። ተጫዋቹ ሁሉ ሳቀ። ሬጂም በስንብት ቪዲዮው ላይ ራሱ ቀለደበት፣ የቤተ መንግሥቱን ቁልፍ ለባውዘር አስረከብኩ ዓይነት ነገር። ማንም አልተጎዳም። ቀልዱ ከሥራቸው ውስጥ የወጣ ነው።

እናንተም እንዲያ አድርጉ። በጌማችሁ ውስጥ ሁልጊዜ የሚሞት ገጸ ባሕርይ አለ? አለቃው ራሳቸው ሊያልፉት ያልቻሉት ሌቭል አለ? ያ ይበቃል። ስለ መላጣቸው፣ ስለ ውፍረታቸው፣ ስለ ሚስታቸው አይነሣ።

8. ስጦታ

ከዚህ አካባቢ ከሆነ ብዙ አትድከሙ። የመንዝ ባና አለ፣ የደብረ ብርሃን ብርድ ልብስ አለ። ለጌም ሰው ደግሞ ከእንጨት የተጠረበ ገበጣ ከነጠጠሩ ስጡ። አገሩ ሁሉ ከኮምፒውተር በፊት የተጫወተበት ነው፣ ጡረታ ላይ ላለ ሰውም ይሆናል። አረቄ ለመስጠት ካሰባችሁ መጀመሪያ እንደሚጠጡ አረጋግጡ።

ሌላ ማንም የማይሰጠው ስጦታ ግን በጌሙ ውስጥ ነው ያለው። ዋረን ሮቢኔት የሚባል፣ አታሪ የተባለው የጌም ድርጅት ፕሮግራመር አድቬንቸር የተባለውን ጌም ሲሠራ ድርጅቱ የሠሪዎችን ስም አይጽፍም ነበር። እሱም በጌሙ ውስጥ ስውር ክፍል ሠርቶ ስሙን ደበቀ። ዛሬ «ኢስተር ኤግ» ለሚባለው ልማድ ታዋቂው ምሳሌ ያ ነው። ለአለቃችሁ አንድ ስውር ክፍል፣ የሱቅ ታፔላ፣ ወይም በእሳቸው ስም የሚጠራ በግ ሥሩላቸው። ከተተኪው ፈቃድ ውሰዱ። በሚቀጥለው አፕዴት ይግባ፣ ጌሙ ሊወጣ ሳምንት ሲቀረው ግን አይነካ። ፈታሾቹ እንደማንኛውም ለውጥ ይፈትሹት። የስንብት ስጦታ ጌሙን ከሰበረ ሌላ ታሪክ ይሆናል።

የክሬዲት ዝርዝሩንም (ጌሙ ላይ የሚወጣውን የሠሪዎች ስም) አትርሱ። ከመውጫው በፊት የሄደ ሰው ስም የሚቀርበት ጊዜ አለ፣ በዚህ ሙያ ውስጥ የቆየ ቅሬታ ነው። ጌሙ እሳቸው ከሄዱ በኋላ የሚወጣ ከሆነ ስማቸው መኖሩን አንድ ሰው በዓይኑ ይይ።

9. ቀን፣ ሰዓት፣ ምግብ

ቀን ስትቆርጡ ረቡዕና ዓርብን ዝለሉ። ከኅዳር 15 ጀምሮ የነቢያት ጾም አለ፣ ዐቢይ ጾምም አለ፣ ረመዳንም አለ። ቀኑን ከካሌንደሩ ጋር አስተያዩት። ሥጋ ካቀረባችሁ የክርስቲያንና የሙስሊም ብላችሁ ለየብቻ ማሰናዳት ይኖርባችኋል። ለትንሽ ቡድን የጾም በያይነቱ ሁሉንም ያስማማል። ጥሩ የምንጃር ጤፍ እንጀራ ካለ ማንም ሥጋ አይጠይቅም። ደህና፣ አንድ ሁለት ሰው ይጠይቃል።

ደብረ ብርሃን ከሆነ ማታ ግቢ ውስጥ አታድርጉት። ኅዳርና ታኅሣሥ ውርጭ ነው፣ ተናጋሪው ጥርሱ እየተንገጫገጨ ምስጋና አያምርበትም። ቀን ላይ፣ ቤት ውስጥ።

አለቃው ውጭ ከሆኑ የሰዓት ነገር አለ። «ሁለት ሰዓት» ስትሉ በእኛ ነው በእነሱ? ግብዣው ላይ ሁለቱንም ጻፉ። ለምሳሌ ካሊፎርኒያ ላይ ከጠዋቱ 9 ሰዓት ሲሆን እዚህ በበጋቸው ከምሽቱ 1 ሰዓት፣ በክረምታቸው ከምሽቱ 2 ሰዓት ነው። እነሱ በዓመት ሁለት ጊዜ ሰዓታቸውን ያዛውራሉ፣ እኛ አናዛውርም። በቪዲዮ የሚታይ ነገር ካለ አስቀድማችሁ ቅዱትና ከቀኑ በፊት ላኩት። መብራትና ኔትወርክ ያን ቀን ምን እንደሚያስቡ አይታወቅም። ላፕቶፑ ቻርጅ ይደረግ።

10. ንግግሩ

አንድ ተናጋሪ፣ ሦስት ደቂቃ። ከአምስት ያለፈ ንግግር ኬኩን ያደርቃል። ከአንድ ቀን በፊት ጮክ ብላችሁ አንብቡት። ምላሳችሁ የሚደናቀፍበት ቦታ ካለ ዓረፍተ ነገሩ ረዝሟል፣ ቁረጡት። ቅርጹ ቀላል ነው። ማን እንደሆኑ፣ አንድ ውሳኔያቸው፣ ያ ውሳኔ ምን እንዳመጣ፣ ምኞት። የሕይወት ታሪክ አታንብቡ። «በ19… ዓ.ም. ከአባታቸውና ከእናታቸው…» ብላችሁ ከጀመራችሁ ቤቱ ለቅሶ ቤት ይሆናል። «ነበሩ» የሚለውንም ቀንሱ። ሰውየው ፊታችሁ ቁጭ ብለው ቡና እየጠጡ ነው።

የማይነገሩ ነገሮችም አሉ። ገና ያልታወጀ ጌም ስም አይጠራ። ግማሹ ሰው ስልኩን አውጥቶ እየቀረጸ ነው፣ የፈረማችሁት የምስጢር ውል ደግሞ ለመሸኛ ቀን አይታገድም። ያልወጣ የሽያጭ ቁጥርም አይነሣ። «ያለ እርስዎ ይህ ቤት ይፈርሳል» አይባል። ተተኪው እዚያው ተቀምጠዋል፣ ነገ ጠዋት አለቃችሁ ናቸው።

11. ከዚያ በኋላ

የተሰበሰቡትን ካርዶች በሙሉ በአንድ ፋይል አድርጉ፣ አንድ ቅጂ ደግሞ በወረቀት አስጠርዛችሁ ስጡ። ፋይሉን በድርጅቱ ኢሜይል አትላኩ። የለቀቀ ሰው የሥራ ኢሜይል ወዲያው ሊዘጋ ይችላል፣ ምኞታችሁም እዚያው ይቀራል። የግል ኢሜይላቸውን ወይም የቴሌግራም ስልካቸውን ሳይወጡ ተቀበሉ። ዘግይቶ የሚልክ ሰው አይጠፋም፣ ለእሱ ፋይሉን ሁለት ሳምንት ክፍት አድርጋችሁ ቆዩና ተጨማሪውን በሌላ መልእክት ላኩላቸው።